ቲፎዞ ፓርላማ ሲገባ፦ ከለንደን እስከ ሊቨርፑል የጉዞ ማስታወሻ

ሐሙስ፣ ኅዳር 11 – ለንደን

ስለ እንግሊዝ ቲፎዞ ሲወራ ብዙ ሰው ቶሎ የሚታየው ረብሻ ነው። ቢራ፣ ጠብ፣ የተሰበረ መስታወት። እኔ ለዚህ ጉዞ የተነሳሁት ሌላኛውን ቲፎዞ ፍለጋ ነው። የራሱን ክለብ የመሠረተውን፣ ባለሀብት ያባረረውን፣ መንግሥትን ይቅርታ ያስጠየቀውን። (የጉዞዬን ቀናት በእኛ አቆጣጠር ጽፌያለሁ፤ ዓመቱ 2018 ነው። የታሪኩ ዓመታት ግን ሁሉም በፈረንጅ ናቸው። ሰዓቱ ደግሞ የእኛ ነው።)

መጀመሪያ የሄድኩት ደቡብ ምዕራብ ለንደን፣ ፕላው ሌን ወደሚባለው ስታዲየም ነው። የድሮው ዊምብልደን በ1988 ሊቨርፑልን 1 ለ 0 አሸንፎ የኤፍኤ ዋንጫን የወሰደ ክለብ ነበር። በሜይ 2002 የእግር ኳስ ማኅበሩ የሰየመው ኮሚሽን ክለቡ ሚልተን ኪንስ ወደተባለች ከተማ እንዲዛወር ፈቀደ። ከሰፈሩ 90 ኪሎ ሜትር ገደማ ይርቃል።

ቲፎዞው አልቅሶ አልተበተነም። በሳምንታት ውስጥ ኤኤፍሲ ዊምብልደን የሚባል አዲስ ክለብ አቋቋመ። ተጫዋቾቹን የመለመለው ሕዝብ የሚናፈስበት ሜዳ ላይ ነው። ከታች፣ ከአማተሮች ጋር ጀመረ። በዘጠኝ የውድድር ዘመን አምስት ጊዜ አድጎ በ2011 ወደ ፕሮፌሽናል ሊግ ገባ። በኖቬምበር 2020 ደግሞ ወደ ፕላው ሌን ተመለሰ። ለስታዲየሙ ገንዘብ ሲጎድል ክለቡን ለባለሀብት ከመሸጥ ይልቅ ደጋፊዎች በቦንድ መልክ አበደሩት። በኮሮና ጊዜ እነዚሁ ሰዎች ለተቸገሩ ጎረቤቶቻቸው ምግብ ሲያመላልሱ ነበር።

ዛሬ ጨዋታ የለም። በሩ አካባቢ ትንሽ ቆይቼ ተመለስኩ። ነገ በጠዋት ባቡር አለኝ።

አርብ፣ ኅዳር 12 – ሸፊልድ

ዛሬ ኅዳር ሚካኤል ነው። እናቴ በጠዋት ደውላ እንኳን አደረሰህ አለችኝ። የት እንደምሄድ ስነግራት፣ «ሰው የሞተበት ቦታ ነው? ነፍስ ይማር በልልኝ» አለች።

ከሴንት ፓንክራስ ሸፊልድ ሁለት ሰዓት ገደማ ይወስዳል። ከመሃል ከተማ ትራም ተሳፍሬ ሌፒንግስ ሌን የሚባል ፌርማታ ላይ ወረድኩ። ዝም ያለ ሰፈር ነው። ቀይ ሸክላ ቤቶች፣ ትንንሽ ሱቆች፣ ከስታዲየሙ ጎን የሚፈስ ወንዝ። ሂልስቦሮ ስታዲየም እዚህ ነው።

አፕሪል 15 ቀን 1989 እዚህ የኤፍኤ ዋንጫ ግማሽ ፍጻሜ ነበር፤ ሊቨርፑል ከኖቲንግሃም ፎረስት። የሊቨርፑል ደጋፊዎች እንዲገቡ የተመደበላቸው በሌፒንግስ ሌን በኩል ነው። ቆመው ለሚያዩ 10,100 ሰዎች የተዘጋጀው አንድ አንድ ሰው የሚያሳልፍ መዞሪያ በር ሰባት ብቻ ነበር። ደጅ ላይ መጨናነቅ ተጀመረ። ፖሊሱን ይመራ የነበረው ዴቪድ ዳክንፊልድ ይህን ሥራ ከያዘ ሦስት ሳምንት አልሞላውም። 8:52 ላይ ሲ የሚባለው ትልቅ በር እንዲከፈት አዘዘ። ከ2,000 በላይ ሰው ገባ።

የገባው ሰው ፊት ለፊት የሚያየው አንድ መተላለፊያ ነው። መተላለፊያው የሚወስደው ወደ መሃሉ፣ በአጥር ወደታጠሩትና ቀድመው ወደሞሉት ሁለት ክፍሎች። ግራና ቀኝ ያሉት ክፍሎች ሰፊ ቦታ ነበራቸው። መተላለፊያውን ዝጉ፣ ሰዉን ወደ ጎን ምሩ ያለ ግን አልነበረም። ጨዋታው 9:06 ላይ ቆመ። ሰው ቆሞ እያለ፣ ከአጥር ጋር ተጣብቆ፣ ትንፋሽ አጥሮት ሞተ። 97 ሰዎች። የመጨረሻው ያረፈው ከ32 ዓመት ሕመም በኋላ በ2021 ነው። ትንሹ 10 ዓመቱ ነበር፤ ኋላ የሊቨርፑል አምበል የሆነው የስቲቨን ጄራርድ ዘመድ።

ቀጥሎ የመጣው ውሸት ነው። ዳክንፊልድ ደጋፊዎቹ በሩን ሰብረው ገቡ አለ። ከሟቾቹ ደም ተወስዶ አልኮል ተመረመረ፤ ከሕፃናቱም ጭምር። በኦገስት 1989 ጉዳዩን እንዲያጣራ የተሾመው የፍርድ ቤት ዳኛ የቴይለር ጊዜያዊ ሪፖርት ዋናው ምክንያት የፖሊስ ቁጥጥር መጓደል ነው ብሎ በግልጽ ጻፈ። ቢሆንም በ1991 የአሟሟት ምርመራው «ድንገተኛ አደጋ» ብሎ ፋይሉን ዘጋ።

እኛ አዲስ አበባ በዲኤስቲቪ የምናየው የእንግሊዝ ኳስ ሜዳው ላይ አጥር የለውም፤ አብዛኛውም ሰው ወንበር ላይ ተቀምጦ ያያል። ከዚህ ቦታ የመጣ ለውጥ ነው። ቴይለር በ1990 የመጨረሻ ሪፖርቱ ላይ ትልልቆቹ ስታዲየሞች ወንበር ብቻ እንዲኖራቸው አሳሰበ፤ አጥሮቹም ተነቀሉ።

መታሰቢያው ያለው ከዋናው መግቢያ አጠገብ ነው። ሻርፖች ታስረውበታል። የሊቨርፑል ብቻ አይደሉም። አንድ፣ ሂልስቦሮ ሜዳው የሆነውን የሸፊልድ ዌንስደይን ማሊያ የለበሱ ሽማግሌ ከጎኔ ቆሙ። ከየት እንደመጣሁ ጠየቁኝ። «ከኢትዮጵያ ነኝ፤ አሁን የመጣሁት ከለንደን ነው» አልኳቸው። «ያን ቀን ጎረቤቶቻችን በራቸውን ከፍተው፣ ልጆቹ እናቶቻቸው ጋ እንዲደውሉ ስልክ ሰጥተዋል» አሉኝ። የእናቴን ነፍስ ይማር አድርሼ ሄድኩ።

ሽማግሌው የራሳቸው ጉዳይም ነበራቸው። ዌንስደይ ዘንድሮ ለተጫዋቾቹ ደሞዝ መክፈል አቅቶት ነበር። በኦክቶበር ደጋፊው ባለቤቱን በመቃወም ከስታዲየም ቀረ፤ ሰፊው ሂልስቦሮ ባዶ ወንበር ሆነ። ከሁለት ቀን በኋላ ክለቡ በፍርድ ቤት አስተዳዳሪ እጅ ገባ፤ 12 ነጥብም ተቀነሰበት። ያኔ ያ አንቀርባችሁም ያለ ሕዝብ ተሰልፎ ትኬትና ማሊያ ሲገዛ ዋለ። ክለቡን የጠላው ማን ነበር? እሁድ ደግሞ ከሸፊልድ ዩናይትድ ጋር ደርቢ አለባቸው። ሽማግሌው ውጤቱን ከአሁኑ ፈርተዋል።

ቅዳሜ፣ ኅዳር 13 – ሊቨርፑል

ጨዋታው ሊቨርፑል ከኖቲንግሃም ፎረስት ነው። የሂልስቦሮው ተጋጣሚ ራሱ። ጉዞዬን ሳቅድ ያሰብኩበት አይደለም፤ እንዲሁ ገጠመ።

አንፊልድ የደረስኩት ጨዋታው ሊጀመር ሦስት ሰዓት ሲቀረው ነው። መጀመሪያ ያየሁት ወይን ጠጅ ቀለም ያለው ቫን መኪና ነው። የሊቨርፑል ቀይና የኤቨርተን ሰማያዊ ሲቀላቀል የሚመጣው ቀለም። የደጋፊዎች የምግብ ማሰባሰቢያ ነው። በ2015 የሁለቱ ተቀናቃኝ ክለቦች ቲፎዞዎች አብረው ጀመሩት። መፈክራቸው «ረሃብ የክለብ ማሊያ አይለብስም» የሚል ነው። ሰው ወደ ስታዲየም ሲመጣ ፓስታ፣ ቆርቆሮ ባቄላ፣ የሕፃን ዳይፐር ይዞ ይመጣል። አስቀምጦ ይገባል። ስም አይመዘገብም።

እኔም ከሱፐርማርኬት የገዛሁትን ሩዝና ዘይት ሰጠሁ። ተቀባይዋ ስልሳ ዓመት ያለፋቸው ሴትዮ ናቸው። ሰማያዊ ኮፍያ አድርገዋል። «እርስዎ ኤቨርተን ነዎት፤ አንፊልድ ምን ይሠራሉ?» ስላቸው፣ «ልጄ፣ ምግቡን የሚበላው ሕፃን የማን ደጋፊ እንደሆነ አልጠየቅኩም» አሉኝ።

ከመሥራቾቹ አንዱ ኢያን በርን ነው። በ1989 ሂልስቦሮ ስታዲየም ውስጥ የነበረ የሊቨርፑል ደጋፊ። ከ2019 ጀምሮ ሊቨርፑል ዌስት ደርቢ የተባለው የምርጫ ክልል ተመራጭ ሆኖ ፓርላማ ገብቷል፤ እዚያም ምግብ በሕግ የተረጋገጠ መብት ይሁን ብሎ ይሟገታል። ከስታዲየም ደጅ የተነሳ ጥያቄ ምክር ቤት የገባው እንዲህ ነው። በዚህ ከተማ በኳስና በፖለቲካ መካከል ያለው ርቀት የአንድ መንገድ ማቋረጥ ያህል ነው።

ቀጥሎ ሳንደን ወደተባለው መጠጥ ቤት ገባሁ። በ2008 ስፒሪት ኦፍ ሻንክሊ የተባለው የደጋፊዎች ማኅበር የተጠነሰሰው እዚህ ነው። ያኔ የክለቡ ባለቤቶች ሂክስና ጂሌት የሚባሉ አሜሪካውያን ነበሩ፤ ክለቡ ላይ ብድር ጭነውበታል። ደጋፊው ሰልፍ ወጣ፣ ለአበዳሪ ባንኮች ደብዳቤ አዘነበ። ሰዎቹ በኦክቶበር 2010 ከፍርድ ቤት ክርክር በኋላ ክለቡን ለቀቁ።

ቀጣዮቹ ባለቤቶችም ትምህርታቸውን አግኝተዋል። በ2016 አዲስ የትኬት ዋጋ ወጣ፤ ከፍተኛው 77 ፓውንድ። ፌብሩዋሪ 6 ከሰንደርላንድ ጋር ሲጫወቱ፣ ልክ በ77ኛው ደቂቃ 10,000 የሚሆን ሰው ተነስቶ ወጣ። ሊቨርፑል 2 ለ 0 ይመራ ነበር፤ ጨዋታው 2 ለ 2 አለቀ። ከጥቂት ቀናት በኋላ ባለቤቶቹ ይቅርታ ጠይቀው ዋጋውን ሰረዙ። ይህን የነገረኝ ያን ቀን ከወጡት አንዱ ነው። «ቡድኔ እየመራ ስታዲየም ለቅቄ ስወጣ ሆዴ ተላወሰ። ልጄን ይዤ መግባት የማልችልበት ቀን ሲመጣ ታየኝና ነው የወጣሁት» አለኝ።

ትኬት ያገኘሁት እዚህ በሚኖር አንድ አበሻ ወዳጄ በኩል ነው። ከመግባቴ በፊት በዋናው ስታንድ በኩል ባለው መታሰቢያ አለፍኩ። 97 ስሞች፣ ከነዕድሜያቸው። 14፣ 15፣ 17፣ 18። አብዛኞቹ ልጆችና ወጣቶች ናቸው።

ጨዋታው ለባለሜዳው ክፉ ነበር። ፎረስት 3 ለ 0 አሸነፈ። በ20ኛው ደቂቃ ግን ስታዲየሙ ተነስቶ በጁላይ ወር በመኪና አደጋ ላጣው አጥቂው ዲዮጎ ዦታ ዘመረ። 20 የእሱ ቁጥር ነበር። አጠገቤ የነበረው ወጣት እንባውን በእጅጌው ጠረገ። ይህ ሕዝብ ሙት መርሳት አያውቅም። የትግሉም ጉልበት ከዚህ የመጣ ይመስለኛል። የፖለቲካ ፓርቲ አባላቱን የሚሰበስበው ምርጫ ሲደርስ ነው፤ ቲፎዞ ግን በየሳምንቱ እዚያው ቦታ፣ እዚያው ወንበር ይገናኛል። ጎኑ የነበረው ሰው ሲጎድል ያውቃል። ይህን ዓይነት ሕዝብ በውሸት አድክሞ መበተን ከባድ ነው።

እሁድ፣ ኅዳር 14 – ሊቨርፑል

በጠዋት ጋዜጣ ልገዛ ሱቅ ገባሁ። ዘ ሰን የለም። ሌላ ሱቅም የለም። አፕሪል 19 ቀን 1989፣ ከአደጋው አራት ቀን በኋላ፣ ይህ ጋዜጣ በፊት ገጹ «እውነቱ» ብሎ የሊቨርፑል ደጋፊዎች የሟቾችን ኪስ ዘረፉ፣ ፖሊሶች ላይ ሸኑ ብሎ ጻፈ። ሐሰት ነበር። ከተማው ጋዜጣውን ተወው። 36 ዓመት ሆነው፤ አሁንም አልተመለሰም። በ2017 ሁለቱም ክለቦች የጋዜጣውን ሪፖርተሮች ከቅጥራቸው አገዱ።

የዚህን ውጤት ያጠኑ ሁለት የፖለቲካ ሳይንስ ተመራማሪዎች አሉ፤ ፍሎሪያን ፉስና ዳንኤል ቢሾፍ። ዘ ሰን ለዓመታት የአውሮፓ ኅብረትን ሲያወግዝ የኖረ ጋዜጣ ነው። ማስቀረቱ በዚህ አካባቢ ኅብረቱን የሚጠላውን ስሜት እንደቀነሰው ደረሱበት። በ2016ቱ ሕዝበ ውሳኔ ሊቨርፑል 58 በመቶ ድምፁን በኅብረቱ ውስጥ ለመቆየት ሰጠች። በቲፎዞ ሐዘን የተጀመረ አድማ እስከ ምርጫ ሣጥን ደረሰ ማለት ነው።

ከሰዓት ሴንት ጆርጅስ ሆል ፊት ለፊት ተቀመጥኩ። ሰፊ ደረጃና ትልልቅ ዓምዶች ያሉት ሕንፃ ነው። በአፕሪል 2016 የሂልስቦሮ ፍርድ ከተሰማ በኋላ ሕዝቡ የተሰበሰበው እዚህ ነበር።

ወደዚያ ቀን ያደረሰው መንገድ ረጅም ነው። በ2009፣ በአደጋው 20ኛ ዓመት፣ የወቅቱ ሚኒስትር አንዲ በርንሃም አንፊልድ መጥቶ ሲናገር ሕዝቡ አቋረጠው። «ፍትሕ ለ96ቱ!» እያለ ስታዲየሙ ተናወጠ። (ያኔ ቁጥሩ 96 ነበር።) በርንሃም ራሱ የኤቨርተን ደጋፊ ነው። ያ ጩኸት አልወጣለትም። ለንደን ተመልሶ ጉዳዩን መንግሥት ፊት አቀረበ፤ ነፃ አጣሪ ቡድንም ተቋቋመ። ቡድኑ ሴፕቴምበር 12 ቀን 2012 ሪፖርቱን አወጣ። 164 የፖሊስ የምስክርነት ቃሎች ተቀይረዋል። በ116ቱ ላይ የተሰረዘው ፖሊስን የሚነካው ክፍል ነው። እስከ 41 ሰዎች ሊተርፉ ይችሉ ነበር። ጠቅላይ ሚኒስትሩ ዴቪድ ካሜሮን ፓርላማ ውስጥ ይቅርታ ጠየቁ። አዲስ ምርመራ ተካሄደ፤ ከሁለት ዓመት በላይ ፈጀ። በአፕሪል 26 ቀን 2016 ከሕዝብ የተመረጡት ፈራጆች (ጁሪ) ሟቾቹ ከሕግ ውጭ ተገድለዋል፣ ደጋፊዎቹም ጥፋት የለባቸውም አሉ።

እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል እንላለን። እዚህ ግን እያደር ብቻውን የጠራ ነገር የለም። ያጠሩት እናቶች ናቸው። አን ዊሊያምስ የ15 ዓመት ልጇን ኬቪንን አጥታ፣ የድሮው ምርመራ ከ9:15 በኋላ የሆነውን ሳያይ መቁረጡን አልቀበልም አለች። ምስክር በምስክር እየፈለገች ልጇ ከዚያ በኋላ ሕያው እንደነበረ አሳየች። የድሮው ፍርድ ሲሻር አየች፤ አዲሱን ሳታይ በአፕሪል 2013 አረፈች። ይህን ስጽፍ አንጀቴን ይበላኛል።

ፍርዱን ግን ቅጣት አልተከተለውም። ዳክንፊልድ በ2019 በነፃ ተሰናበተ። በአደጋው ጥፋተኛ የተባለው የሸፊልድ ዌንስደይ የቀድሞ ጸሐፊ ብቻ ነው፤ 6,500 ፓውንድ ተቀጣ። ቃል ቀይረዋል የተባሉትም በ2021 ክሳቸው ተቋረጠ።

ስለዚህ ቤተሰቦቹ ሕግ ጠየቁ። «የሂልስቦሮ ሕግ» ይሉታል። የመንግሥት ሠራተኛ ምርመራ ሲመጣ እውነቱን የመናገር ግዴታ አለበት፤ ሆን ብሎ ካሳሳተ ወንጀል ነው። መንግሥት በጠበቃ ታጅቦ ሲመጣ ለሐዘንተኛ ቤተሰብም ጠበቃ በነፃ ይቁምለት። ጠቅላይ ሚኒስትር ኪር ስታርመር ረቂቁን እስከ አፕሪል 2025 አቀርባለሁ ብለው ቀኑ አለፈ። በሴፕቴምበር ፓርላማ ገባ። ይህን ስጽፍ ገና አልጸደቀም ነበር። የሚጠቅመው ለኳስ ሰው ብቻ አይደለም። ለንደን ያለው ግሬንፌል የተባለ የመኖሪያ ሕንፃ በ2017 ሲቃጠል ቤተሰባቸውን ያጡ ሰዎችም አብረው የቆሙለት ለዚህ ነው። እዚያ ሕንፃ ውስጥ የሞቱ የእኛ አገር ሰዎች ነበሩ።

ማታ ሆቴል ስገባ ቴሌቪዥኑ የሸፊልድን ደርቢ ያሳያል። ዌንስደይ 3 ለ 0 ተሸንፏል። የመታሰቢያው ሽማግሌ ትዝ አሉኝ።

ሰኞ፣ ኅዳር 15 – ማንቸስተር

ሞስተን የሚባለው ሰፈር በሰሜን ማንቸስተር ነው። የኤፍሲ ዩናይትድ ሜዳ እዚህ ነው። በ2005 ማልኮም ግሌዘር ማንቸስተር ዩናይትድን በብድር ገዝቶ ብድሩን ክለቡ ላይ ሲጭነው፣ የተቆጡ ደጋፊዎች ይህን ክለብ መሠረቱ። አንድ አባል አንድ ድምፅ። ሀብታሙም ድሃውም እኩል ነው። በ2015 ሜዳቸው ሲመረቅ ከሊዝበኑ ቤንፊካ ሁለተኛ ቡድን ጋር ተጫወቱ። ሁሉም ግን አልሄደም። ቤተሰብ በዚህ ነገር ለሁለት የተከፈለበት ቤት አለ። በዩናይትድ ሜዳ በኦልድ ትራፎርድ የቀረውም ዝም አላለም። በ2010 አረንጓዴና ቢጫ ሻርፕ አደረገ፤ የክለቡ የመጀመሪያ ስም የነበረው የኒውተን ሂዝ ቀለም ነው።

አፕሪል 18 ቀን 2021 አሥራ ሁለት የአውሮፓ ታላላቅ ክለቦች ለብቻችን ሱፐር ሊግ እንመሠርታለን ሲሉ ስድስቱ የእንግሊዝ ነበሩ። ደጋፊው አደባባይ ወጣ፤ ስድስቱም በሁለት ቀን ወጡ። ሜይ 2 ደግሞ የዩናይትድ ደጋፊዎች ሜዳ ገብተው ከሊቨርፑል ጋር የነበረው ጨዋታ እንዲራዘም አደረጉ። ያ ቁጣ ወደ ሕግ ተቀየረ። መንግሥት በደጋፊዎች የሚመራ ግምገማ አዘዘ። ከዚያም በጁላይ 2025 የእግር ኳስ አስተዳደር ሕግ ጸደቀ፤ ነፃ ተቆጣጣሪ መሥሪያ ቤትም ተቋቋመ። በሕጉ መሠረት ክለብ ያለ ተቆጣጣሪው ፈቃድ ከሜዳው መነሳት አይችልም። ስሙን፣ ዓርማውን ሲነካም ደጋፊውን ማማከር አለበት። ሐሙስ ያየኋቸው የዊምብልደን ሰዎች ይህ ሕግ በ2002 ቢኖራቸው ኖሮ!

ሕጉ ሁሉን አይፈታም። ትኬት ስንት ይሁን የሚል ሥልጣን የለውም። ባለፈው ዓመት ዩናይትድ በውድድሩ መሃል የቀሩትን ትኬቶች 66 ፓውንድ አደረገ፤ ለልጅም ለአዛውንትም ቅናሽ የለም። በጃንዋሪ 2025 የዩናይትድና የሊቨርፑል ደጋፊዎች አንፊልድ ደጅ ላይ አብረው ተቃወሙ። እነዚህ ሁለቱ አብረው ሲቆሙ ማየት ምን ማለት እንደሆነ ኳስ የሚያይ ሁሉ ያውቃል።

ማታ ኦልድ ትራፎርድ አካባቢ ባለ መጠጥ ቤት ዩናይትድ ከኤቨርተን ጋር ሲጫወት አየሁ። ኤቨርተን ገና በጠዋቱ አንድ ሰው በቀይ ወጥቶበት 1 ለ 0 አሸነፈ። የወይን ጠጁ ቫን ሴትዮ ደስ ብሏቸው ያድራሉ።

ማክሰኞ፣ ኅዳር 23 – ለንደን

ማስታወሻዬን ለማጽዳት ስቀመጥ ዜናው መጣ። የፖሊስ ቅሬታ አጣሪው መሥሪያ ቤት ለዓመታት የያዘውን የሂልስቦሮ ምርመራ የመጨረሻ ሪፖርት ዛሬ አወጣ። ዳክንፊልድን ጨምሮ 12 ፖሊሶች በከባድ የሥነ ምግባር ጥፋት መጠየቅ ነበረባቸው ይላል። አንዳቸውም አይጠየቁም። ሁሉም ሥራ ለቀዋል፤ የሞቱም አሉ። ሪፖርቱ ሌላም ነገር አለው። በዚያ ዘመን ፖሊስን እውነቱን ሁሉ አውጣ ብሎ የሚያስገድድ ሕግ አልነበረም።

ቤተሰቦቹ ዛሬም መግለጫ ሰጡ። የጠየቁት ረቂቁ ሳይሸራረፍ እንዲጸድቅ ነው። ነገ ማታ አንፊልድ ላይ ሊቨርፑል ከሰንደርላንድ ይጫወታል፤ የምግብ ማሰባሰቢያውም ከጨዋታው በፊት በቦታው ይሆናል።